ፀሐይ ከጀርባቸው

ወንድሜ ፋንታ መጀመሪያ የሞተ ጊዜ አልሞተም ነበር። ከቤተሰቡ መሀል ይህን የማላውቅ እኔ ብቻ ነበርሁ። ለእኔ ምስጢር መንገር ቢቸና ገበያ መሀል ቆሞ ነጋሪት ከመጎሰም አይለይምና፣ ዛሬ ሳስበው ደግ አደረጉ እላለሁ። ያኔ ግን አለቀስሁ። ለቀስተኛው ሁሉ ተሰብስቦ፣ የእውነት ያለቀስን እኔና ጎረቤቱ ነን።

እኔ የማውቀው ይኸን ነው። ዓመቱ ሲብት፣ ዓባይ ሞልቶ ሳለ፣ አጎቴ የፋንታን ልብስ ጠቅልሎ ይዞ መጣ። "ሲሻገር ወሰደው፤ ሬሳውም አልተገኘ" አለ። እናቴ ጥሩአየሁ ጠጉሯን ተላጨች፣ ቀሚሷን ጥቁር አስነከረች። ሬሳ ስለሌለ ልብሱን አልጋ ላይ ዘርግተው፣ ዙሪያውን ከበው አለቀሱለት። አስለቃሿ ስለ ቁመቱና ስለ ድምፁ ስትገጥም እኔ የሸሚዙን እጅጌ ይዤ አልለቅም ብዬ በግድ አላቀቁኝ።

እውነቱን የሰማሁት አድጌ ነው። ያን ዓመት ወጣቱ ለሰሜኑ ጦርነት ሊመለመል ነው ተብሎ ነበር። ሰውን ከምልመላ የሚያስቀር ደግሞ ሞት ብቻ ነው። ፋንታ ሞጣ ነበር፤ ደበሎ ለብሶ፣ ስሙን ለውጦ፣ ከቆሎ ተማሪዎች ጋር ቁራሽ እየለመነ ቅኔ ይማር ነበር። የቢቸና ሰው እያለቀሰለት እሱ ሞጣ ላይ ውሻ በዱላ ይከላከል ነበር ማለት ነው።

ነገሩ የተበላሸው በተዝካሩ ነው። አባቴ መሪጌታ ገብረ ኪዳን የቅኔ መምህር ነበሩ፤ በአገሩ ተዝካር ሁሉ ከአልጋው ራስጌ የሚቀመጡ ሰው። የልጃቸው አርባ ደረሰ፤ ዝም። ሰማንያው ደረሰ፤ ዝም። አንድ ቀን ጓሮ ጎመን ስቀጥፍ ከውስጥ ሲነጋገሩ ሰማኋቸው።

"ኧረ ሰው ምን ይላል፣ መሪጌታ? ትንሽ ጠላ፣ ትንሽ ዳቦ…" አለች እማየ።

"ስሙን ከሙታን ጋር ላስጠራ? የለም! እሱን ያደረግሁ ቀን ልጄን በእጄ ገደልሁት።"

እኔ ጎመኔን ይዤ ቆሜ አሰብሁ። እንግዲህ ፋንታ ገና ጨርሶ አልሞተም፤ ተዝካሩ እስኪወጣ ድረስ የሆነ ቦታ ቆሞ ይጠብቃል አልሁ። የት ይሆን የቆመው? ብርድ ይመታው ይሆን?

ሌላው ሰው ቢያልፈው የቀበሌያችን ሊቀ መንበር ጓድ ታዘበው አላለፈውም። ካኪውን ለብሶ ደጃችን ላይ ብቅ ይላል።

"መሪጌታ፣ የአገሩን ሁሉ ተዝካር ሲበሉ ኖረው የራስዎን ልጅ ምነው ረሱት?" ይልና ይስቃል። እየሳቀም ቀና ብሎ ቆጡን ያያል።

"ሙት ዓመቱ ይሁን ብዬ ነው፣ ጓድ። እህሉ ይድረስ" ይላሉ አባየ።

"ይሁና። እንጠብቃለን።"

እሱ የመጣ ቀን እማየ እህል አትቀምስም። እኔ ደግሞ በጓድ ታዘበው እናደዳለሁ፤ ጠላ የሚቸኩል ሆዳም ሰው ይመስለኝ ነበር። ፋንታን ተደብቋል ብሎ የሚያሳድድ መሆኑን በምን ልወቅ?

ኩባዊው ፊልም አንሺ የመጣው በዚህ መሀል ነው። የመሠረተ ትምህርትን ዘመቻ በፊልም ሊያነሳ ነበር የመጣው። ፊልሙ አብዮቱ አሥረኛ ዓመቱን ሲይዝ በየከተማው እንዲታይ ነበር። ስሙ ኤሊሴዮ ነው አሉን፤ አባየ "ኤልሳዕ በሉት፣ በቃ" አሉ፤ ከዚያ ወዲያ ቢቸና በሌላ ስም የጠራው የለም። ፊቱን ፀሐይ ያከሰለው፣ ጢማም፣ አንድ ዓይኑ ከማጨንቆር ብዛት ትንሽ የጠበበ ሰው ነበር። አስተርጓሚው ቀለሙ የሚባል፣ ኩባ ድረስ ሄዶ የተማረ ልጅ ነው።

እናቷን ፊደል የምታስቆጥር ልጅ ፈልጉ ተብሎ ጓድ ታዘበው የእኛን ቤት መረጠ። የመሪጌታ ሚስት ከልጇ ስትማር ደስ ይላል አለ። እማየ ግን ፊቷ አመድ መሰለ፤ የመረጠን ቤታችንን ሊያስፈትሽ መስሏት ነው።

"ሰውየው በአገሩ ስመ ጥር ነው" አለን ቀለሙ። "በሸንኮራ ቆራጮች ነው የጀመረ። አንጎላ ጦር ሜዳ ድረስ ካሜራውን በትከሻው ይዞ ሄዷል፤ አንድ ጆሮውም እዚያ ቀርቷል። ሰልፍ አይወድም፣ ተራራ አይወድም። የሰው ፊት ነው የሚወደው፣ ይህን ያህል ተጠግቶ" ብሎ መዳፉን አፍንጫው ድረስ አመጣ።

እውነትም! ከአዲስ አበባ የመጣለትን መብራት አይፈታም፤ "የጎጃም ፀሐይ እያለ?" ይላል። የቤታችንን በር ከነመቃኑ ሊያስነቅል ምንም አልቀረው፤ በኋላ በሩን ብቻ አስነቅሎ ግድግዳው ላይ አስደገፈው። ከዚያ የአባየን አዲስ ጋቢ ለመነና ቀለሙን ደጅ አስቁሞ አስዘረጋው። ፀሐዩ ጋቢው ላይ አርፎ ተመልሶ እማየ ፊት ላይ ፈሰሰ።

"ጋቢየ ከታጠበ ሳምንት አልሞላው! ምን ሊያደርግበት ነው?" አሉ አባየ።

"ብርሃን ይጠልፍበታል፣ አባቴ" አለ ቀለሙ።

"ብርሃን በጋቢ! አይ ኤልሳዕ።"

እማየ "ለ፣ ሉ፣ ሊ" ስትል እኔ በስንጥር አመለክታለሁ። ኤልሳዕ ካሜራውን ጉንጯ ሥር አስጠግቶ ይጠብቃል። አያነሳም፤ ይጠብቃል። እሷ መኖሩን እስክትረሳ፣ እኔም አፍንጫየን እስክጠርግ ድረስ ይጠብቅና ያኔ ካሜራው ይንጫጫል። አንድ ጊዜ ቆመና የተላጨ ራሷን አይቶ ቀለሙን አንድ ነገር ጠየቀው።

"ማን ሞተባት ይላል" አለ ቀለሙ።

"ልጄ ነው። ውኃ ወሰደብኝ" አለች እማየ፣ ዓይኗን ከመጽሐፉ ሳትነቅል።

ኤልሳዕ ቆቡን አወለቀ። ጓድ ታዘበው በር ላይ ቆሞ ሁሉንም ያያል።

ከሁሉ ያስፈራኝ ግን ከረጢቱ ነው። ኤልሳዕ ጥቁር ከረጢት ነበረው፤ ካሜራውን ከፊልሙ ቆርቆሮ ጋር እዚያ ይከትና ሁለት እጁን እስከ ክርኑ አግብቶ፣ ሰማይ ሰማይ እያየ ውስጡን ይዳብሳል። አዋላጅ ይመስላል። ፊልሙን ብርሃን ሳይነካው እንደሚቀይር ዛሬ አውቃለሁ። ያኔ ግን "ምን ይዞ ነው?" ብዬ ሌላ ነገር ጠረጠርሁ። ጨርሶ ያልሞተ ሰው የሚቆምበት ጨለማ ቦታ ቢኖር ከዚያ ከረጢት ሌላ የት ይሆናል?

በሚያዝያ የመሠረተ ትምህርቱ በዓል ሞጣ ላይ ሆነ። ፊልሙ ውስጥ ስላለን እኔና እማየ በኤልሳዕ መኪና ተጫንን፤ ጓድ ታዘበውና የቀበሌው ሰዎች በጭነት መኪና ከኋላ ተከተሉ። እማየ ግማሽ አቁማዳ በሶ ቋጥራ ነበር። ጉንደ ወይን ስንደርስ አቧራው ጉሮሮየን ሲዘጋው "በሶ በጥብጭልኝ" ብላት እጄን መታችኝ።

"የመንገድ ነው አላልሽም?"

"ዝም በይ፣ ባንቺዓለም! ዝም አይነቅዝም።"

ማን ሊበላው ነው? የሚል ሐሳብ አልመጣብኝም። ፊቷን ሳየው ግን ደስ ያላትም የታመመችም ትመስላለች።

ሞጣ ሜዳው ሰው በሰው ሆኗል። የቢቸና ሰዎች ቀይ መፈክር በሁለት እንጨት ወጥረው ተሰልፈዋል፤ አንዱን እንጨት የያዘው ጓድ ታዘበው ነው። ከሜዳው ማዶ፣ ከቤተ ክርስቲያኑ ዛፎች ሥር፣ የቆሎ ተማሪዎች ፊደል እየያዙ ሊሰለፉ ተጠርተው ቆመዋል። ከእኛ ዘንድ ሲታዩ የደበሎ ክምር እንጂ ሰው አይመስሉም።

ኤልሳዕ ካሜራውን በሦስት እግር አቁሞ እንደ ዘነዘና የረዘመ ሌንስ ተከለበት። ወደ ማዶ አነጣጥሮ ሲያነሳ ቆየና ቀና አለ። ሳቀ። በአገሩ ቋንቋ አንድ ነገር ብሎ ደረቱን መታ።

"ፊት አገኘሁ! ፊት አገኘሁ! ይላል" አለ ቀለሙ። "ልጅቱም ትየው ይላል።"

ኤልሳዕ ብብቴን ይዞ ሣጥን ላይ አቆመኝ። ዓይኔን አስጠጋሁ። መጀመሪያ ጨለማ ነው። ከዚያ ፋንታ።

ፋንታ ራሱ! ፊቱ ሰፌድ አክሎ፣ ፀሐይ ሞልቶበት፣ እየሳቀ። የተሸረፈች ጥርሱ አለች። ግንባሩ ላይ ላብ አለ። የደበሎው ጠጉር አገጩን ሲነካው ያከዋል። ከካሜራው ዓይኔን አንስቼ ወደ ማዶ አየሁ፤ የደበሎ ክምር ብቻ። መልሼ አየሁ፤ ፋንታ! ውጭ የለም፣ ውስጥ አለ። በቃ፣ የጠረጠርሁት እውነት ነው። ኤልሳዕ ከረጢቱ ውስጥ ሲዳብስ የሚከርመው ወንድሜን ነው!

"እማየ! ፋንታ እዚህ ውስጥ አለ!" ብዬ ጮህሁ። "ፋንታ እየሳቀ ነው!"

የእማየ መዳፍ አፌ ላይ ወደቀ። በሶ በሶ ይሸታል። ክብደቱ እስካሁን ከንፈሬ ላይ አለ።

"ምን አለች?" አለ ጓድ ታዘበው ከመፈክሩ ሥር።

"ምን ትላለች፣ የሞተባትን ወንድሟን ትጠራለች እንጂ! ልጅ አይደለች?" አለች እማየ።

"እስቲ እኔም ልየው።"

አንድ እግሩን አነሳ። በዚያው ቅጽበት መድረኩ ላይ ከክፍለ ሀገር የመጡት ትልቅ ሰው ቆሙና ጡሩምባው ተነፋ። ጓድ ታዘበው እንጨቱን ቢለቅ ቀዩ መፈክር በትልቁ ሰው ፊት መሬት ይወድቃል። የዚህን ዕዳ እሱም ያውቃል። አንገቱን እንደ ዶሮ እየሰገገ፣ እንጨቱን ታቅፎ ባለበት ቀረ። ሁኔታው ዛሬ ያስቀኛል። እማየን ግን አላሳቃትም።

ኤልሳዕ ቀለሙን ጠየቀው። ቀለሙ በጣም አጭር ነገር መለሰለት። ኤልሳዕ የእማየን መዳፍ አየ፤ አፌ ላይ እንዳለ ነው። ጥቁር ቀሚሷን አየ። ከዚያ ቀስ ብሎ ወደ ማዶ አየ። ፊቱ ላይ የነበረው ሳቅ ጠፋ።

ረጅሙን ሌንስ ነቅሎ አጭር ገጠመ፣ ካሜራውን ትከሻው ላይ ጫነና ሰዉን እየሰነጠቀ ሄደ። ተማሪዎቹን አልፎ ከጀርባቸው ዞረ፤ ፀሐዩ ዓይኑን እስኪወጋው ድረስ ዞሮ እዚያ ቆመና ማንሳት ጀመረ። እኔ ሙት አይቶ ደንግጦ የሸሸ መሰለኝ።

በዓሉ ሲያበቃ ተማሪዎቹ ወደ ቤተ ክርስቲያኑ ግቢ ገቡ፤ ጓድ ታዘበው ቢሮጥም አልደረሰባቸውም፣ በካኪና በቀይ አርማ ቅጽሩን አልፎ መግባቱንም አልደፈረም። ተመልሶ መጥቶ እማየን እያየ፣ "ግድ የለም። ፊልሙ ሲመጣ ሁላችንም እናየዋለን" አለ። በሶው የት እንደደረሰ አላየሁም፤ አቁማዳው ግን ባዶውን ተመለሰ።

ያ ክረምት አላልቅ አለ። አባየና እማየ የሚያወሩት ሁሉ በሹክሹክታ ነው፤ ለእኔ የሚደርሰኝ ቁርጥራጩ ብቻ። "ፊቱ ከወጣ እኔን ወኅኒ፣ እሱን ወደ ሰሜን።" "ሌላ ደብር ሂድ ብለን ልከንበታል።" "ታዘበውኮ ጥርሱን አይቶ ያውቀዋል።" እኔ የያዝሁት አንዱን ቃል ነው፤ ፊልሙ ከመጣ ፋንታ ይወጣል! ስለዚህ ጧት ማታ እጠይቃለሁ።

"እማየ፣ ፊልሙ መቼ ይመጣል?"

"አይምጣ! መቅሠፍት ይምታው፣ አይምጣ!"

ምን ሆና ነው ልጇን የማትፈልገው? ብዬ ተቀየምኋት። እሷ ከስታ ከስታ ነጠላዋ ብቻ የሚሄድ መስላ ነበር። አባየ ቅኔ ሲነግሩ ቃል ይጠፋቸዋል፤ ተማሪዎቻቸው ይደነግጣሉ። የፈሩት ይደርሳል፣ የጠሉት ይወርሳል ነውና፣ የመስቀል አበባ ሳይረግፍ ፊልሙ መጣ። ሙት ዓመቱም በዚያው ሰሞን ነበር።

የትምህርት ቤቱን አዳራሽ መስኮት በብርድ ልብስ ጋርደው፣ አንሶላ ሰቅለው፣ ጄኔሬተር አስነስተው በጠራራ ፀሐይ ጨለማ ሠሩ። ቢቸና ሁሉ ተግተልትሎ ገባ። ጓድ ታዘበው አባየን ከጎኑ አስቀመጠ። "ከዚህ በኋላ ስለ ተዝካሩ እንነጋገራለን" ሲላቸው ሰማሁ። አባየ ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል፤ ዳዊት እየደገሙ ነው።

መጀመሪያ ቤታችን መጣ። እማየ አንሶላው ላይ ሞላች፤ ሽፋሽፍቷ ሳይቀር ይቆጠራል። የአባየ ጋቢ የወረወረው ብርሃን ጉንጯ ላይ አለ። ሰዉ "እልል" አለ፤ እኔ አፍንጫየን ስጠርግ ሳቀ። እኔ አልሳቅሁም። የምጠብቀው ሞጣን ነው። እማየ እጄን እስኪያመኝ ጨምቃዋለች።

ሞጣ መጣ። መፈክሩ፣ ሜዳው፣ ዛፎቹ። ጓድ ታዘበው ተነስቶ አንሶላው ሥር ሄዶ ቆመ። "የቆሎ ተማሪዎችም በዘመቻው ተሳታፊ ሆነዋል" አለ የፊልሙ ድምፅ። ደበሎዎቹ ወጡ።

ጥቁር ናቸው። ሁሉም ከራስ እስከ እግር ጥቁር፤ የደበሎው ጠጉር ጫፍ ብቻ በፀሐይ እንደ እሳት ይነዳል። ዓይን የላቸውም፣ አፍ የላቸውም፣ ጥርስ የላቸውም። ይሄዳሉ፣ ይመለሳሉ፣ ካሜራውም ሳይቋረጥ አብሮ ይሄዳል። ፊት የሚባል የለም። የሚስቀውን ፋንታን ፈለግሁ። አጣሁት። እንግዲያው ጠቆረ፤ ከረጢቱ ውስጥ ቆይቶ ቆይቶ ሞተ። አሁን ገና ሞተ።

"ፋንታ ሞተ!" ብዬ ጮህሁ። "እማየ፣ ጠቆረ! አሁን ሞተብን! ወንድሜን!" መሬት ላይ ተንከባለልሁ።

እማየ ዓመት ሙሉ አፍና የያዘችው ነገር በአንዴ ፈነዳ። ደረቷን እየመታች ጮኸች። የእፎይታ ልቅሶ መሆኑን ማን ይለየው? የቢቸና ሴቶች ተቀበሏት፤ አዳራሹ ለቅሶ ቤት ሆነ። አባየ ራሳቸውን በጋቢያቸው ሸፍነው ተንሰቀሰቁ። ጓድ ታዘበው ከአንሶላው ሥር ቆሞ፣ ጥቁር ተማሪዎች በካኪው ላይ እየተራመዱበት እኔን አየኝ። ልጅ እንዲህ አድርጎ ለውሸት አያለቅስም። ኮፍያውን አወለቀ።

"ይማሩኝ፣ መሪጌታ" አለ። "ተዝካሩንም በደረሰልዎ ጊዜ ያድርጉት። ልብዎ እሺ አላለም ማለት ነው።"

አባየ ጋቢያቸውን ሳይገልጡ ራሳቸውን ነቀነቁ።

ደርግ ሲወድቅ ፋንታ በቀን ብርሃን፣ ጥምጥም አስሮ፣ ባለሙያ መሪጌታ ሆኖ ቢቸና ገባ። እኔ እውነቱን አስቀድሜ ሰምቼ ነበር። አባየ ደጅ ቆመው ተቀበሉት። ሰዉ "ሙቱ መጣ!" እያለ ተሳሳቀ። ታዘበው ሳይቀር መጥቶ ትከሻውን መትቶ "አሞኛችሁኝ!" አለው። ፋንታ ሞጣ ብዙ ዘመን ቅኔ ሲያስተምር ኖሮ ከጥቂት ዓመታት በፊት በስኳር በሽታ ሞተ። የአሁኑ የእውነት ነው፤ ሬሳውን እኔው አጥቤዋለሁ።

አርባው ቢቸና ወጣ። ያን ሁሉ ዘመን ያልወጣው ተዝካር ማለት ነው። አባየ አልደረሱበትም፤ እማየ ግን አርጅታ፣ ጎብጣ፣ በልጇ ተዝካር መሀል ተቀምጣለች። ዳስ ውስጥ ቄሶቹ ሲጸልዩ አንድ ሸበቶ ሰው እየጠየቀ መጣ። ቀለሙ ነበር።

"ኤሊሴዮ ዓምና ሞተ" አለኝ። "የሠራውን ሁሉ ሰብስበው ሲያሳዩለት ኩባ ሄጄ ነበር። አዋቂዎቹ ስለዚያች ስለ ሞጣዋ ፊልም ብዙ ብለዋል። ከኢትዮጵያ ወዲህ ተለወጠ፣ ፊት ትቶ ጥላ ማንሳት ጀመረ፣ ትልቅ ጥበብ ነው ይላሉ። አለቆቹ ግን ያኔ ፊልም አበላሸህ ብለው ስንት ዓመት ውጭ አገር እንዳይወጣ ከልክለውታል። እሱ 'ፀሐዩ ቀደመኝ' ከማለት በቀር ቃል አልወጣውም።"

"አንተስ ያኔ ምን አልኸው?"

"'ልጅቱ ወንድሜን አየሁት ትላለች' አልሁት። ሌላ ምንም አላልሁ። እሱም አልጠየቀኝም።"

ስልኩን አወጣ። "ይኸን ፊልሙ ውስጥ አላገባውም። ከቤቱ ተገኘ፤ ቤተሰቦቹ ሰጡኝ። እስኪሞት ለማንም አላሳየም።"

ስልኩን እማየ ጭን ላይ አኖርሁላት። ደጋግማ ዓይኗን ጠረገች። ጥቁር ነበር፤ ከዚያ ፋንታ። የሃያ ዓመት ፋንታ፣ ፀሐይ ፊቱን ሞልቶት፣ ጥርሱ ተሸርፋ፣ ላቡ ግንባሩ ላይ፣ ደበሎው አገጩን እየበላው፣ እየሳቀ። እኔ ያየሁት። በዓይኔ ያየሁት!

"መልሽው" አለች እማየ። መለስሁላት። "መልሽው።" ጣቷን መስታወቱ ላይ አድርጋ ጉንጩን ዳበሰችው፤ ስልኩ ቆመና አስነሳሁላት። ብዙ ቆይታ ቀና አለች።

"ያ ሰውየ እናት ነበረችው?"

"አላውቅም፣ እማየ" አለ ቀለሙ።

"ተዝካሩን ማን አወጣለት?"

"በነሱ አገር ተዝካር የለም።"

እማየ ወደ ቄሶቹ ዞረች። "ከልጄ ስም ቀጥላችሁ አንድ ስም ጥሩልኝ።"

"የማንን ነው፣ እናታችን?" አሉ ትልቁ ቄስ። "የክርስትና ስሙስ? ክርስቲያን ነበር?"

"እሱን ፈጣሪው ያውቀዋል። እኛ ያወጣንለት ስም አለው። ኤልሳዕ በሉት።"

ቄሱ ስልኩን አዩ፣ እማየን አዩ፣ መቋሚያቸውን ያዙ። ከዚያ ስለ ፋንታ ነፍስ ብለው፣ ስለ ኤልሳዕ ነፍስ አሉ፤ ዳሱ ሙሉ ሰውም አሜን አለ።